ዲክ ግሪጎሪ፣ ከሳቅ መድረክ እስከ ግሪንውድ

ዲክ ግሪጎሪ በአሜሪካ የነጮች ታላላቅ የምሽት ክበቦች ውስጥ ብቻውን ቆሞ ስለ ዘር መድልዎ በግልጽ በመናገር ታዳሚዎቹን ካሳቁት ጥቁር ኮሜዲያን ቀዳሚው ተደርጎ ይቆጠራል። በሙያው ከፍተኛ ገቢ ማግኘት በጀመረ በሁለተኛው ዓመት መድረኩን እየተወ ወደ ደቡባዊ ግዛቶች በመጓዝ በሲቪል መብቶች ትግል ተሳትፏል። በዚህም ምክንያት ታስሯል፣ ተደብድቧል፣ በጥይትም ቆስሏል። ከዚህ በታች የተጠቀሱት ዘመናት በሙሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።

ሙሉ ስሙ ሪቻርድ ክላክስተን ግሪጎሪ ሲሆን፣ የተወለደው ኦክቶበር 12 ቀን 1932 በሚዙሪ ግዛት በሴንት ሉዊስ ከተማ ነው። አባቱ ቤተሰቡን ጥሎ በመሄዱ እናቱ ሉሲል በነጮች ቤት በሠራተኝነት እየተቀጠረች ልጆቿን አሳድጋለች። ቤተሰቡ ከመንግሥት የድህነት ድጎማ ያገኝ እንደነበርና በሰፈሩ ልጆች መሳለቂያ ሆኖ ማደጉን ግሪጎሪ ደጋግሞ ተናግሯል። የቀልድ ችሎታውንም ያገኘው እዚያው ሰፈር ነው። ሌሎች በድህነቱ ሳይቀልዱበት እሱ ቀድሞ በራሱ ላይ ሲቀልድ፣ የሚስቁበት ልጆች አብረውት የሚስቁ ወዳጆች እንደሚሆኑ በልጅነቱ መገንዘቡን ይገልጻል።

በሰምነር ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት በመካከለኛ ርቀት ሯጭነት ታዋቂ ሆነ። ይሁንና በዚያን ጊዜ ጥቁሮችና ነጮች ተማሪዎች የሚወዳደሩት ተለያይተው ስለነበር፣ የእሱ ውጤት በይፋዊው መዝገብ ውስጥ አልሰፈረለትም። በከተማው የጥቁር ተማሪዎች ትምህርት ቤቶች መጨናነቅንና መድልዎን በመቃወም በተደረገው ሰልፍ ላይ ከፊት የተሰለፈውም በዚሁ ቁጭት መሆኑን አስታውሷል።

በሩጫው ባገኘው ነፃ የትምህርት ዕድል በ1951 ወደ ሳውዘርን ኢሊኖይ ዩኒቨርሲቲ ገባ። በ1953 እናቱ አረፈች። በተከታዩ ዓመት ለውትድርና አገልግሎት የተጠራ ሲሆን፣ በጦር ሠራዊቱ ቆይታው በቀልደኛነቱ የተነሳ ከአለቆቹ ጋር መጋጨቱ አልቀረም። አንድ አዛዥ በወታደሮች የተሰጥኦ ውድድር ላይ ቀርቦ ካላሸነፈ ወደ ወታደራዊ ፍርድ ቤት እንደሚልከው አስጠነቀቀው። ግሪጎሪ ውድድሩን አሸነፈ፤ ወዲያውም ወደ ሠራዊቱ የመዝናኛ ክፍል ተዛወረ። የዲሲፕሊን እርምጃ ሊወሰድበት ለታሰበ ሠራተኛ የሙያውን መንገድ የከፈተለት አለቃው ራሱ ነበር ማለት ይቻላል።

አገልግሎቱን እንደጨረሰ ወደ ዩኒቨርሲቲው ቢመለስም ብዙ አልቆየም። ተቋሙ የሚፈልገው እግሩን እንጂ ትምህርቱን እንዳልሆነ በመግለጽ ትምህርቱን አቋርጦ ወደ ቺካጎ ሄደ። በቺካጎ ቀን ቀን በፖስታ ቤት ደብዳቤ እየለየ፣ ማታ ማታ በጥቁሮች ሰፈር በሚገኙ ትንንሽ ክበቦች እየቀለደ ኑሮውን መግፋት ጀመረ። ወደ ሚሲሲፒ ግዛት የሚላኩ ደብዳቤዎችን በውጭ አገር ደብዳቤዎች ሳጥን ውስጥ ይከት እንደነበረና ከሥራው የተባረረውም በዚሁ ምክንያት እንደሆነ ይነገራል። ታሪኩ ለቀልድ ተብሎ የተጋነነ ሊሆን ይችላል። ሆኖም ግሪጎሪ ስለዚያ ግዛት የነበረውን አመለካከት ከዚህ በተሻለ የሚያሳይ ነገር ማግኘት ያስቸግራል።

ባለቤቱን ሊሊያንን የተዋወቀው በአንዱ የቺካጎ ክበብ ውስጥ ሲሆን በ1959 ተጋብተዋል። በዚያው ጊዜ የራሱን ክበብ ከፍቶ ከስሯል። የቤት ኪራይ መክፈል እንኳን ያስቸግረው እንደነበር ያስታውሳል።

የሕይወቱ አቅጣጫ የተለወጠው በጃንዋሪ 13 ቀን 1961 ምሽት ነው። በቺካጎ የፕሌይቦይ ክለብ ሊቀርብ የነበረው ኮሜዲያን ሊገኝ ባለመቻሉ ግሪጎሪ በ50 ዶላር ክፍያ እንዲተካው ተጠራ። ከአውቶቡስ በተሳሳተ ቦታ በመውረዱ በብርድ እየሮጠ ሲደርስ፣ የክለቡ ኃላፊ መጥፎ ዜና ነገረው። የዚያን ምሽት አዳራሹን የተከራዩት ከደቡባዊ ግዛቶች ለስብሰባ የመጡ የቀዘቀዘ ምግብ አምራች ኩባንያዎች ኃላፊዎች ነበሩ። ኃላፊው ክፍያው እንደማይቀርበት፣ ዝግጅቱ ግን ቢሰረዝ እንደሚሻል ሐሳብ አቀረበለት። ግሪጎሪ በሩጫው ላብ ስላጠመቀውና በብርዱ ስለተናደደ ምንም ሳይሰማ መድረኩ ላይ ወጣ።

ከታዳሚዎቹ አንዳንዶቹ መጀመሪያ ላይ የስድብ ቃላት ወረወሩበት። እሱ ግን ሳይቆጣና ሳይለማመጥ በተረጋጋ ድምፅ ቀጠለ። በዚያን ዘመን ከሚያቀርባቸው ቀልዶች እጅግ የታወቀው በደቡብ አንድ ምግብ ቤት ገባሁ የሚለው ነው። አስተናጋጇ እዚህ ቤት ጥቁር ሰው አናቀርብም ትለዋለች። እሱም ችግር የለም፣ እኔም ጥቁር ሰው አልበላም፣ የተጠበሰ ዶሮ አምጪልኝ ይላታል። ዶሮው ሲመጣ ሦስት ነጮች ይከቡትና በዶሮው ላይ የሚያደርገውን ሁሉ እነሱም በእሱ ላይ እንደሚያደርጉበት ይዝቱበታል። ግሪጎሪም ቢላዋና ሹካውን ያስቀምጥና ዶሮውን አንስቶ ይስመዋል።

ጥቂት ደቂቃ ይፈጃል የተባለው ዝግጅት ከተያዘለት ጊዜ እጅግ አልፎ ሄደ። ሲጨርስም እነዚያው የደቡብ ሰዎች ከመቀመጫቸው ተነስተው አጨበጨቡለት። የክለቡ ባለቤት ሂዩ ሄፍነር ሥራውን ከተመለከተ በኋላ ውል ያስፈረመው ሲሆን፣ ታይም መጽሔትም ስለ እሱ ጻፈ።

በዘመኑ ለአንድ ኮሜዲያን ትልቁ ዕድል በጃክ ፓር የሚመራው የኤን ቢ ሲ የምሽት ቴሌቪዥን ዝግጅት ላይ መቅረብ ነበር። ግብዣው ሲደርሰው ግሪጎሪ አልቀበልም አለ። ምክንያቱም በዝግጅቱ ላይ ጥቁር ከያንያን ሥራቸውን አቅርበው ይሄዳሉ እንጂ እንደ ነጮቹ ሶፋው ላይ ተቀምጠው ከአዘጋጁ ጋር እንዲነጋገሩ አይጋበዙም ነበር። ፓር ራሱ ስልክ ደውሎ እንደሚያስቀምጠው ካረጋገጠለት በኋላ ብቻ ቀረበ። ነገሩ የወንበር ጉዳይ ይመስላል። ነገር ግን ሶፋው ላይ የተቀመጠ ሰው ስለ ልጆቹ፣ ስለ ቤቱና ስለ ኑሮው ይጠየቃል። በሚሊዮን የሚቆጠሩ ነጭ ተመልካቾችም አንድ ጥቁር አባት ስለ ቤተሰቡ ሲያወጋ ሰሙ። ከዚያ በኋላ በሳምንት የሚያገኘው ገቢ በሺህ በሚቆጠር ዶላር የሚለካ ሆነ።

ግሪጎሪን ወደ ሚሲሲፒ ያመጣው የጥቁሮች መብት ተከራካሪ ድርጅት የግዛቱ ተጠሪ የነበረው ሜድጋር ኤቨርስ ነው። በዚያ ግዛት በሌፍሎር አውራጃ፣ ግሪንውድ በተባለች ከተማ፣ ወጣት የመብት ታጋዮች ጥቁሮች በመራጭነት እንዲመዘገቡ ቅስቀሳ ያካሂዱ ነበር። የአውራጃው አስተዳደር ቦርድ ምላሹን የሰጠው በ1962 መገባደጃ ላይ ሲሆን፣ ከፌዴራሉ መንግሥት የሚመጣውን ትርፍ የእርሻ ምርት ለችግረኞች ማደሉን አቆመ። እደላው ከ20 ሺህ በላይ ለሚሆኑ ሰዎች የክረምት መተዳደሪያ ነበር፤ አብዛኞቹም በጥጥ እርሻ ላይ የሚሠሩና በክረምት ሥራ የማያገኙ ጥቁሮች ናቸው።

የርዳታ እህል አሰጣጥን በቅርብ ለሚያውቅ አንባቢ የዚህ ውሳኔ ትርጉም ግልጽ ነው። ቦርዱ ማንንም አላሰረም፣ በማንም ላይ አልተኮሰም። የምዝገባ ቅጽ የሞላ ሰው ዱቄት እንደማያገኝ ግን ሁሉም እንዲገነዘብ አደረገ። በወረቀት ላይ ሲታይ የበጀት ውሳኔ ነበር።

ግሪጎሪ በፌብሩዋሪ 1963 አውሮፕላን ተከራይቶ 14 ሺህ ፓውንድ፣ ማለትም ከስድስት ቶን በላይ ምግብ ይዞ ደረሰ። በዚያው ዓመት የጸደይ ወራትም ወደ ግሪንውድ ተመልሶ ሊመዘገቡ ከሚሄዱት ጋር በእግሩ ተጓዘ። ፖሊሶች እየገፈተሩት ጋዜጠኞች ይከተሉት ስለነበር፣ ማንም የማያውቃት ከተማ በጋዜጦች የፊት ገጽ ላይ ወጣች። ፖሊሶቹ እሱን ማሰር የከበዳቸው ነገሩ የባሰ ዜና እንዳይሆን በመስጋት እንደነበር ይነገራል። ውሎ አድሮ ከፌዴራሉ መንግሥት በመጣ ግፊት እደላው እንደገና ተጀመረ።

በግንቦት ወር በበርሚንግሃም በተካሄደው የሕፃናትና ወጣቶች ሰልፍ ላይ ተይዞ ታሰረ፤ በእስር ቤትም በፖሊሶች ክፉኛ ተደበደበ። በዚሁ ዓመት ገና ወራት ያልሞላው ወንድ ልጁ ሞተበት። ጁን 12 ቀን ደግሞ ወዳጁ ሜድጋር ኤቨርስ በቤቱ ደጃፍ በጥይት ተገደለ። ባለቤቱ ሊሊያንም ነፍሰ ጡር እያለች በአላባማ ግዛት በሴልማ ታስራለች። ስለ ግሪጎሪ የተጻፉ ጽሑፎች የእሷን ድርሻ ብዙ ጊዜ በአንድ ዓረፍተ ነገር ያልፉታል። በእሱ እስራትና ጉዞ ወቅት ልጆቹን ያሳደገችው ግን እሷ ናት።

ጁን 21 ቀን 1964 ጄምስ ቼኒ፣ አንድሩ ጉድማንና ማይክል ሽዌርነር የተባሉ ሦስት ወጣት የመብት ታጋዮች በሚሲሲፒ ደብዛቸው ሲጠፋ፣ ግሪጎሪ ከሄፍነር ባገኘው ገንዘብ ጥቆማ ለሚሰጥ ሰው የ25 ሺህ ዶላር ወሮታ እንደሚከፍል አስታወቀ። የወጣቶቹ አስከሬን በኦገስት 4 ቀን በአፈር ግድብ ሥር ተቀብሮ ተገኝቷል። በቀጣዩ ዓመት በሎስ አንጀለስ ዋትስ ሰፈር በተነሳው ረብሻ በሕዝቡና በፖሊሶች መካከል ገብቶ ሰዎች ወደ ቤታቸው እንዲገቡ ሲማጸን እግሩ ላይ በጥይት ተመታ።

በጋዜጠኛው ሮበርት ሊፕሳይት ረዳትነት የጻፈው የሕይወት ታሪኩ በ1964 የታተመ ሲሆን፣ ከአንድ ሚሊዮን በላይ ቅጂዎች ተሸጠዋል። የመጽሐፉ ርዕስ ጥቁሮች የሚሰደቡበት ቃል ነው። ግሪጎሪ ይህን ያደረገው ቃሉን ከተሳዳቢዎቹ እጅ ለመንጠቅ መሆኑን ተናግሯል። የኋላ ኋላ በርካታ ጥቁር አንባቢዎች ሳይቀሩ በርዕሱ ደስተኞች እንዳልነበሩ አይዘነጋም።

በ1967 ለቺካጎ ከንቲባነት፣ በ1968 ደግሞ ለአሜሪካ ፕሬዚዳንትነት ተወዳድሯል። በፕሬዚዳንታዊው ምርጫ 47 ሺህ ያህል ድምፅ አግኝቷል። ለቅስቀሳው በጆርጅ ዋሽንግተን ቦታ የራሱ ምስል ያለበት ዶላር መሳይ ወረቀት አሳትሞ ሲበትን፣ አንዳንድ የሳንቲም መመንዘሪያ ማሽኖች ወረቀቱን እንደ ትክክለኛ ገንዘብ በመቀበላቸው የግምጃ ቤት ሠራተኞች ወረቀቶቹን ለመሰብሰብ ተገደዋል።

የፌዴራል ምርመራ ቢሮ ግን በግሪጎሪ አልሳቀም። የቢሮው ዳይሬክተር ጄ. ኤድጋር ሁቨር በዚያው በ1968 ለቺካጎ ቅርንጫፍ በላከው ማስታወሻ፣ ግሪጎሪ የማፊያ ቡድኖችን በመንቀፍ የተናገረው ለቡድኖቹ ጆሮ የሚደርስበትን መንገድ እንዲፈልጉ አዟል። ሕግ አስከባሪው መሥሪያ ቤት ወንጀለኞችን በአንድ ዜጋ ላይ ለማነሳሳት ያሰበበት ይህ ሰነድ ይፋ የሆነው በ1970ዎቹ መጨረሻ ነው።

ግሪጎሪ ከ1967 ጀምሮ የቬትናምን ጦርነት በመቃወም ለረጅም ጊዜ የዘለቁ የረሃብ አድማዎችን አድርጓል፤ በ1971 በጀመረው አድማ ጦርነቱ እስኪያበቃ ጠጣር ምግብ እንደማይቀምስ አስታወቀ። ከ100 ኪሎ ግራም በላይ ይመዝን የነበረው ሰው አጥንቱ እስኪቆጠር ከሳ። በ1976 የዓለምን ረሃብ ለማሳሰብ ከሎስ አንጀለስ እስከ ኒው ዮርክ ሮጧል። በ1980 ወደ ቴህራን ሄዶ ለአሜሪካውያን ታጋቾች መፈታት ጾሟል።

በሙያው በኩል ግን ኪሳራው ቀላል አልነበረም። ለሰልፍና ለፍርድ ቤት ሲል የሰረዛቸው ዝግጅቶች ጥቂት አይደሉም። በ1973 ደግሞ ሲጋራና መጠጥ በሚሸጥበት ክበብ ዳግም እንደማይሠራ አስታውቆ ቤተሰቡን ይዞ በማሳቹሴትስ ግዛት በፕሊመዝ አቅራቢያ ወደሚገኝ እርሻ ተዛወረ። በእሱ በተከፈተው በር ሪቻርድ ፕራየርን የመሰሉ ኮሜዲያን በገቡበት በዚያ አሥር ዓመት እሱ ከመድረኩ ርቆ ነበር። በ1980ዎቹ የጀመረው ክብደት የሚቀንስ መጠጥ ንግድ ለጊዜው ከሰመረ በኋላ በውዝግብ ከሽፏል። እርሻውንም በ1990ዎቹ መጀመሪያ አጥቷል።

በኋለኛው ዘመኑ ስለ ልዩ ልዩ የምስጢር ሴራዎች የሚያነሳቸው መላምቶች፣ ወዳጆቹን ሳይቀር ያሳሰቡ ነበሩ። ብዙዎቹ ማስረጃ የማይቀርብባቸው ናቸው። የራሱን ፋይል ያነበበ ሰው መንግሥትን ቢጠራጠር ግን የሚያስገርም አይሆንም።

በ1996 በኒው ዮርክ ባቀረበው ዝግጅት ወደ ኮሜዲ የተመለሰ ሲሆን፣ ከጥቂት ዓመታት በኋላ የሊንፍ ካንሰር ቢገኝበትም እስከ ዕድሜው ፍጻሜ መድረክ ላይ ሲወጣ ቆይቷል። በ2015 በሆሊውድ የዝነኞች ጎዳና ላይ ስሙ የተጻፈበት ኮከብ ተቀምጦለታል። በዋሽንግተን ዲሲ ያረፈው ኦገስት 19 ቀን 2017 በ84 ዓመቱ ሲሆን፣ ባለቤቱና አሥር ልጆቹ ከኋላው ቀርተዋል። ስለ ሕይወቱና ሥራው የሚተርከው ዘጋቢ ፊልም በ2021 ለእይታ በቅቷል።