የእግር ዋጋ ስንት ነው?

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕጋችን በቁጥር 2081 ባለመኪናውን፣ ጥፋት ባይኖርበት እንኳ፣ መኪናው ላደረሰው ጉዳት ኃላፊ አደረገው። ካሣውም ከጉዳቱ ጋር እኩል ይሁን አለ። ታዲያ የተቆረጠ እግር እኩያው ምንድን ነው?

ሕጉ መልሱን የፈለገው በእንጀራ በኩል ነው፤ ጉዳተኛው በቀሪ ዘመኑ የሚቀርበት ገቢ፣ መድረሱ እርግጠኛ ከሆነ፣ ጊዜው ሳይጠበቅ ይታሰብለታል። ልኩ በማስረጃ ካልታወቀ ዳኛው በርትዕ ይቆርጣል። (ደመወዝ የሌላት የቤት እመቤት እግሯን ብታጣስ? ርትዕ የሚፈተነው እዚህ ላይ ነው።)

ለሥቃይና ለሐዘን በሚከፈለው የኅሊና ካሣ ላይ ግን ሕጉ የዳኛውን እጅ አሰረ፤ በቁጥር 2116 ከ1,000 ብር እንዳይበልጥ ወሰነ። ያን ጊዜ ሺህ ብር ገንዘብ ነበር። ብሩ እየረከሰ ሲሄድ ቁጥሩ ለአሥርተ ዓመታት ከቦታው አልተነቃነቀም።

በ2005 ዓ.ም. የወጣው የሦስተኛ ወገን መድን አዋጅ ደግሞ የኢንሹራንሱን ጣሪያ ለአካል ጉዳት 40,000፣ ለንብረት 100,000 ብር አደረገው። ከመኪና ጋር የተጋጨ መኪና ከተገጨ ሰው በልጦ ተገኘ ማለት ነው። የቀረውን ጉዳተኛው ባለመኪናውን ከሶ ሊጠይቅ ይችል ነበር፤ ባለመኪናው ካለው።