የአስተማሪዎች ቀዳሚነት ክርክር በብቸናና በሞጣ

ለዚህ የበዓል መጽሔት አሮጌ ፎቶግራፎችን እንድንሰበስብ የታዘዝነው አራት ተማሪዎች ነበርን። ካገኘናቸውም አንዱ በ1958 ዓ.ም. በብቸና አውራጃ ከነበሩት የመንግሥት ትምህርት ቤቶች በአንዱ የተነሣ የአስተማሪዎች ፎቶግራፍ ነው። አምስት ሰዎች ከፊት በወንበር ተቀምጠዋል፤ ሰባት ከኋላ ቆመዋል። ከእነርሱ መካከል ሁለት አዛውንት ዛሬም በሕይወት ስላሉ የሰዎቹን ስም እንዲነግሩን ለመጠየቅ ሄድን። ስሙን በሰላም ነገሩን። ዳሩ ግን ከዲሬክተሩ በስተቀኝ ባለችው ወንበር ላይ ጣታችንን ባሳረፍን ጊዜ ነገር ተነሣ። አንደኛው፣ «እኔ እኮ ከእርስዎ ሁለት ዓመት ቀድሜ የተቀጠርሁ ነኝ፤ ያች ወንበር የእኔ ነበረች» አሉ። ሁለተኛውም የቡና ስኒያቸውን አስቀምጠው፣ «ቢቀድሙኝስ ሠርተፊኬት ሳይዙ አይደለም?» ብለው መለሱላቸው። ስድሳ ዓመት ያህል ሳይፈረድ የቆየ ሙግት መሆኑ ነው። እኛ ሳቅን፤ እነርሱ ግን አልሳቁም።

ከኋላ ከቆሙት መካከል ነጭ ጥምጥም ያደረጉት አያቴ ናቸው። ስለ እርሳቸው በኋላ እናገራለሁ።

ብዙ ሰዎች እንዲህ ያለውን ክርክር የቅናትና የትዕቢት ነገር ያደርጉታል። ነገሩን እስክጠይቅ ድረስ እኔም እንዲሁ ይመስለኝ ነበር። የእነዚህን ሁለት አውራጃዎች ታሪክ ላስተዋለ ሰው ግን ጠቡ የመጣው ከመቍጠሪያው ነው፤ አንዱ ዘመን ይቈጥራል፣ ሌላው ዕውቀት ይቈጥራል፣ መንግሥት ደግሞ ወረቀት ይቈጥራል።

በብቸናና በሞጣ ዘመን መቍጠር የቆየ ልማድ ነው። እስከ 1967 ዓ.ም. የመሬት አዋጅ ድረስ በጎጃም ገበሬው መሬት የሚይዘው በርስት ነበር፤ ርስት ለመጠየቅም ዘርን እስከ አቅኚው አባት ድረስ ቈጥሮ ማስረዳት ያስፈልግ ነበር። በ1960 ዓ.ም. በወጣው የእርሻ ገቢ ግብር ምክንያት ሁለቱ አውራጃዎች በመንግሥት ላይ የተነሡት፣ መሬቱ ሲለካ ርስቱ የሚጠፋ መስሎ ስለ ታያቸው ጭምር ነው። እንግዲህ የእንዲህ ያለ አገር ልጅ አስተማሪ ሆኖ «እኔ ቀድሜአለሁ» ቢል ከአባቱ የተማረውን ሙግት መሟገቱ ነው።

ይሁን እንጂ በዚያው አገር ቀድሞ መምጣት ብቻውን የማይቈጠርበት ሌላ ቤት ነበረ፤ እርሱም የቅኔ ቤት ነው። በብቸና በኩል ዲማ ጊዮርጊስና ደብረ ወርቅ፣ በሞጣ በኩል መርጡለ ማርያም የታወቁ የትምህርት ቦታዎች ናቸው። የቅኔ ተማሪ ሁለት ቤት ካላት ከጉባኤ ቃና ይጀምርና ስምንት ቤት እስካለው እስከ መወድስና ከዚያም በላይ ይዘልቃል። አምስት ዓመት የተቀመጠ ተማሪ መወድስ ካልሞላለት፣ በሁለት ዓመት የሞላለት ልጅ ይቀድመዋል። ፎቶግራፉ በተነሣበት በ1958 ዓ.ም. «ፍቅር እስከ መቃብር»ን ያሳተሙት ክቡር ሐዲስ ዓለማየሁ በልጅነታቸው በደብረ ወርቅና በዲማ ተምረው፣ በኋላ በአዲስ አበባ በስዊድን ሚሲዮንና በተፈሪ መኰንን ትምህርት ቤቶች የተማሩ ናቸው። በሁለቱም መቍጠሪያ የተቈጠሩ ሰው ነበሩ ማለት ይቻላል።

ስለ ማዕርግ ሲነሣ የብቸና ሰው አንድ ነገር ሳይናገር አያልፍም። አርበኛው በላይ ዘለቀ በጠላት ዘመን ለተከታዮቻቸው ማዕርግ ሲሰጡ፣ «እርስዎንስ ማን እንበልዎ?» ቢሏቸው፣ እናታቸው አስቀድመው «በላይ» ብለው ስለ ሰየሟቸው ሌላ ማዕርግ እንደማያሻቸው መለሱ ይባላል። አስተማሪዎቻችን እንዲህ ያለ ስም ስላልነበራቸው ደብዳቤ አስፈለጋቸው።

ደብዳቤውም ከመንግሥት ትምህርት ቤት ጋራ መጣ። በ1933 ዓ.ም. ጠላት ከተባረረ በኋላ ትምህርት ቤቶች እንደገና ሲከፈቱ አስተማሪ ጥቂት ነበረ። በ1940 ዓ.ም. ለትምህርት የሚውል የመሬት ግብር ተደነገገ፤ ትምህርት ቤቱም እየበዛ ሄደ፤ አስተማሪው ግን ከተገኘበት ይመጣ ነበር። የቤተ ክህነት ሰው አማርኛና ግብረ ገብ ለማስተማር ተቀጠረ። ስምንተኛ ክፍል የጨረሰ ልጅ ታናናሾቹን አስተማረ። ከሐረርና ከደብረ ብርሃን ማሠልጠኛ ሠርተፊኬት የያዙ ወጣቶች ወጡ። በ1955 ዓ.ም. ፒስ ኮር የተባሉት አሜሪካውያን ወደ አገራችን መጡ፤ ከ1957 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ የዩኒቨርሲቲ ተማሪዎች ለአንድ ዓመት አገልግሎት ወደየጠቅላይ ግዛቱ ተላኩ። እነዚህን ሁሉ በአንድ መዝገብ ላይ በተራ መጻፍ ለማንም ጸሐፊ ቀላል አልነበረም።

አያቴ መሪጌታ ነበሩ። ብዙ ዘመን ቅኔ ካስተማሩ በኋላ በወር ደመወዝ አማርኛና ግብረ ገብ ለማስተማር ተቀጠሩ። ከተማው ሁሉ፣ ዲሬክተሩ ሳይቀሩ፣ «የኔታ» ይሏቸው ነበር፤ በመንገድ ሲያልፉ ሰው ከተቀመጠበት ይነሣላቸው ነበር። በደመወዝ መዝገብ ላይ ግን የሚያሳዩት ሠርተፊኬት ስለሌላቸው ስማቸው ከሁሉ በታች ተጽፎ ነበር። አባቴ ከቤተ ዘመድ ሰምቶ እንደ ነገረኝ፣ በፎቶግራፉ ቀን አስተማሪዎቹ የተጠሩት በመዝገቡ ተራ ነው። ዲሬክተሩ አፍረው ወንበራቸውን ሊለቁላቸው ቢነሡ፣ አያቴ «የተጻፈው ይበቃል» ብለው ከኋላ ቆሙ። ይህን ያሉት በትሕትና ይሁን በቍጣ አባቴም አያውቅም።

ከዚያ ወዲህ ያለው ዘመን ጥያቄውን አበዛው እንጂ አላቀለለውም። በ1941 ዓ.ም. የተመሠረተው የኢትዮጵያ መምህራን ማኅበር አባላት የካቲት 11 ቀን 1966 ዓ.ም. ሥራ ባቆሙ ጊዜ ከጥያቄዎቻቸው አንዱ የደመወዝ ነገር ነበር። በደርግ ዘመን የግልና የሚሲዮን ትምህርት ቤቶች ወደ ሕዝብ ይዞታ ዞሩ፤ አሥራ ሁለተኛ ክፍል የጨረሱ ወጣቶችም በዲጎማ ተቀጠሩ። በዲጎማ የተሠራው ዓመት ይቈጠራል ወይ? በሚሲዮን የተሠራውስ? እኔ የመጀመሪያ ትምህርቴን በሚሲዮን ትምህርት ቤት ስለ ተማርሁ ይህ ሁለተኛው ጥያቄ ይነካኛል። ፊደል ያስቈጠሩኝ መምህርት በዚያ አሥራ ሁለት ዓመት ካስተማሩ በኋላ ወደ መንግሥት ሥራ ሲገቡ እንደ ጀማሪ ነው የተቈጠሩት። እርሳቸው ያስተማሩት ልጅ በደረጃ በላያቸው ነበረ።

በ1986 ዓ.ም. ከወጣው የትምህርትና ሥልጠና ፖሊሲ በኋላ ለአስተማሪዎች መሰላል ተሠራ፤ ጀማሪ፣ መለስተኛ፣ መምህር፣ ከፍተኛ መምህር፣ ተባባሪ መሪ፣ መሪ መምህር። ለመውጣትም የአገልግሎት ዘመንና የሥራ አፈጻጸም አብረው ይታያሉ። ሠርተፊኬት የነበራቸው ዲፕሎማ እንዲይዙ ሲጠየቅ ክረምት ክረምት እየሄዱ የተማሩ ብዙ ናቸው። መሰላሉ ከቀድሞው ይሻላል እላለሁ፤ ቢያንስ የሚቈጠረው ነገር አስቀድሞ ተጽፏልና። ነገር ግን በመሰላሉ እርከን መካከል ያለው ክፍተት ሰውን ይጥላል።

አጎቴን እንደ ምሳሌ ላንሣ። እርሱና ጓደኛው በአንድ ቀን በተጻፈ ደብዳቤ ተቀጠሩ። ጓደኛው የተመደበበት ትምህርት ቤት በመኪና መንገድ ዳር ስለ ነበረ በማግሥቱ ደርሶ ሪፖርት አደረገ። አጎቴ ግን ከጮቄ ተራራ ሥር ወደ አለ ቀበሌ ተመድቦ ስለ ነበረ ወንዙ እስኪጐድል ስድስት ቀን ዘገየ። ከአሥራ አንድ ዓመት በኋላ ሁለቱ በሞጣ ከተማ ለአንዲት የዝውውር ቦታ ተወዳደሩ፤ ነጥባቸውም እኩል ሆነ። ያን ጊዜ ሥራ የጀመሩበት ቀን ታየና ቦታው ለጓደኛው ሆነ። የአጎቴ ታላቅ ልጅ ስምንተኛ ክፍል ጨርሳ ነበር፤ በአቅራቢያው ሁለተኛ ደረጃ ትምህርት ቤት ስላልነበረ ያን ዓመት ቤት ዋለች። ጓደኛው በደል አልሠራም፤ አጎቴም አይወቅሰውም። ነገር ግን ሁለቱ እንደ ቀድሞው አይጠያየቁም።

ወንጌል ያነበበ ሰው በወይኑ ቦታ የተቀጠሩትን ሠራተኞች ያስታውሳል። ማለዳ የገቡት በአሥራ አንድ ሰዓት ከገቡት ጋራ እኩል ዲናር ሲከፈላቸው አጕረመረሙ። ስንማር እነርሱን እንድንወቅስ ነበር የምንጠየቀው፤ የአጎቴን ስድስት ቀን ካወቅሁ ወዲህ ግን ልወቅሳቸው አልቻልሁም።

ወደ ፎቶግራፉ ልመለስ። ሁለቱ አዛውንት ስላልተስማሙ ስሞቹን በፊደል ተራ ልንጽፍ ወሰንን። ቀድሜአለሁ ያሉት አዛውንት ስማቸው በ«ዘ» ስለሚጀምር ይህንንም አልወደዱትም። ከቤታቸው ልንወጣ ስንል ሁለቱም አንድ ነገር አዘዙን፤ ከኋላ በቆሙት በአያቴ ስም ፊት «የኔታ» የሚለው እንዳይቀር።