የትዳር ንብረት ክርክርና የፍርድ ፍጥነት

የንብረት ክርክር በተጓተተ ጊዜ ቤቱን ይዞ የሚኖረው ወገን አይቸኩልም፤ ወጥቶ የተከራየው ግን ቀን ይቈጥራል። ስለዚህ በኢትዮጵያ የጋብቻ ሕግ ታሪክ ውስጥ የፍርድ ፍጥነት ራሱ የፍትሕ ጥያቄ ነው።

በ1952 ዓ.ም. የወጣው የፍትሐ ብሔር ሕግ የፍቺን ጥያቄና ከፍቺ የሚመነጨውን ክርክር ለቤተ ዘመድ ሽማግሌዎች ሰጠ። ይህም ከአገሩ ልማድ ጋር የተስማማ ነበር። ዳሩ ግን ውሳኔያቸው ሕገ ወጥ ወይም በግልጽ ከአግባብ የራቀ ነው ተብሎ በፍርድ ቤት ሊነቀፍ ይችል ስለ ነበር፣ አንዱ ክርክር ሁለት ደጅ የሚያስጠናበት ጊዜ ነበር።

በ1992 ዓ.ም. የወጣውና በአዲስ አበባና በድሬዳዋ የሚሠራው የተሻሻለው የቤተሰብ ሕግ፣ አዋጅ ቁጥር 213፣ የመወሰኑን ሥልጣን ወደ ፍርድ ቤት አዛወረ፤ ለሽማግሌዎች የቀረላቸው ማስታረቅ ነው። የማሰላሰያው ጊዜ ከ3 ወር እንዳይበልጥ፣ ዕርቁ ካልሠመረም ፍቺው በ1 ወር ውስጥ እንዲወሰን ደነገገ። ለንብረቱ ክፍፍል ግን እንዲህ ያለ ገደብ አላበጀለትም።

ፍቺ በአንድ ውሳኔ ይፈጸማል፤ ንብረት ግን መቈጠርና መገመት አለበት። የጋራው ሀብት በመሠረቱ እኩል ይከፈላል፤ ሊከፈል የማይችለው ቤት ግን ባልና ሚስቱ ካልተስማሙበት በሐራጅ ይሸጣል። ሕጉ ፍርድ ቤቱ ባለሙያ እንዲሾም ስለሚፈቅድ፣ የግምቱ ወረቀት በዘገየ ቍጥር ፍርዱም ይዘገያል። እንግዲህ ቤቱን ለክቶ ዋጋውን በቀጠሮው ቀን የሚያቀርበው ባለሙያ፣ ከዳኛው ባልተናነሰ፣ ለፍርዱ ፍጥነት ኀላፊነት አለበት።