የፖስታው ማኅተም ምን ይነግረናል?

የዛሬው ንግግራችን ስለ ደብዳቤ ነው። ውስጡን ሳይሆን ውጪውን፣ ማለትም በፖስታው ላይ የተመታውን ማኅተም እናያለን።

ድሮ ደብዳቤ የሚሄደው በሰው እግር ነበር። መልእክተኛው ወረቀቱን በተሰነጠቀ በትር ጫፍ ሰክቶ፣ ዳገት ወጥቶ፣ ቁልቁለት ወርዶ ያደርሳል። በ1886 ዓ.ም. በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን የኢትዮጵያ ፖስታ ተቋቋመ። ከዚያ ወዲያ ደብዳቤ በበቅሎ፣ ኋላም በባቡር ጅቡቲ ይወርድና በመርከብ ባሕር ይሻገር ጀመር።

አውሮፕላንስ መቼ መጣ? የመንግሥት የመጀመሪያው አውሮፕላን ከጅቡቲ ተነሥቶ አዲስ አበባ የገባው ነሐሴ 12 ቀን 1921 ዓ.ም. ነው። ለመታሰቢያውም በነባር ቴምብሮች ላይ ጽሑፍ ታተመባቸው። በ1923 ዓ.ም. ደግሞ የአውሮፕላን ሥዕል ያለበት የአየር ፖስታ ቴምብር ወጣ። የኢትዮጵያ አየር መንገድ መጋቢት 30 ቀን 1938 ዓ.ም. የመጀመሪያ በረራውን ወደ ካይሮ አደረገ።

እንግዲህ ልብ በሉ! ቴምብር የሚነግረን ዋጋ መከፈሉን ነው። አውሮፕላን ስለተሣለበት ብቻ ደብዳቤው በረረ አይባልም። በፖስታው ላይ «ፓር አቪዮን» የሚል ጽሑፍ ታያላችሁ። ፈረንሳይኛ ነው፤ «በአውሮፕላን ይሂድ» ማለት ነው። ይህ የላኪው ፈቃድ ነው። መንገዱን የሚመሰክረው ግን ማኅተሙ ነው፤ የቦታ ስምና ቀን አለበት።

እስቲ እናስላ። የፊቱ ማኅተም መጋቢት 3፣ የጀርባው መጋቢት 9 ቢል፣ ደብዳቤው 6 ቀን በመንገድ ቆይቷል ማለት ነው። ቀኑ በፈረንጆች አቆጣጠር ከሆነ ከዓመተ ምሕረቱ 7 ወይም 8 ቀንሱ። ከመስከረም 1 እስከ ታኅሣሥ ወር ሦስተኛ ሳምንት ድረስ 7፣ ከዚያ ወዲያ 8 ነው።

ቴምብሩ አማረኝ ብላችሁ በመቀስ አትቁረጡት። ማኅተሙ ለሁለት ይከፈላል፤ ቀኑም ይጠፋል። ቴምብር ሰብሳቢዎች ሙሉውን ፖስታ የሚያስቀምጡት ለዚህ ነው። ልጅ ከሩቅ አገር ቀን ሳይጽፍ ቢልክ እንኳ፣ መቼና ከየት እንደላከው ማኅተሙ ይናገራል።

ከሣጥናችሁ አሮጌ ፖስታ ካለ ዛሬ ማታ አውጡት። ማኅተሙን ራሳችሁ አንብቡ፤ ለልጆቻችሁም አሳዩአቸው። የቤታችሁ ታሪክ እዚያ ላይ ተጽፏልና።

ደኅና ሁኑ።