በአበባው የተሸጠ ቡና

ከዲላ ተነስቶ በሞያሌው አስፋልት ወደ ደቡብ የሚጓዝ መንገደኛ ወናጎን አልፎ ይርጋጨፌ ይገባል። አሪቻ በዚያው በይርጋጨፌ አካባቢ ያለች የገጠር ቀበሌ ናት። ከቡና ሥራ ጋር ንክኪ የሌለው አዲስ አበቤ ስሟን ሰምቶ ላያውቅ ይችላል፤ በውጭ አገር ግን ቡና ቆልተው የሚሸጡ ድርጅቶች በማሸጊያቸው ላይ ያትሙታል። እኔ ወደዚያ የሄድኩት ስለ ገጠር ብድር በወረቀት የማውቀውን በዓይኔ ለማየት ነበር።

ወሩ መጋቢት ነው፤ ቡናው ነጭ አበባ ለብሷል። ማሳቸውን ያስጎበኙኝን አንድ አረጋዊ «አባቴ፣ ዘንድሮ ስንት ኪሎ ይጠብቃሉ?» ብዬ ጠየቅኋቸው። «የቱን ልንገርህ? የተሸጠውን ነው ያልተሸጠውን?» አሉኝ። ልጃቸው ታሞባቸው ከአንድ ነጋዴ ገንዘብ ወስደዋል። በታችኛው ጥግ ያለው ቡና ኅዳር ላይ ሲቀላ የሚሄደው ወደ ነጋዴው ነው፤ ዋጋውም ያኔውኑ ተቆርጧል።

እኛ ከተሜዎች «ገበሬው ብድር አያገኝም» ስንል እንሰማለን። አባባሉ ትክክል አይደለም። ገበሬው ብድር ያገኛል፤ ያውም በአንድ ምሽት፣ ያለ ፎርም፣ ያለ መያዣና ያለ ፎቶግራፍ። ችግሩ ዋጋው ላይ ነው። ለምሳሌ በሰኔ 1,000 ብር ተቀብሎ በኅዳር ገበያ 2,000 ብር የሚያወጣ እሸት ቡና ያስረከበ ሰው በአምስት ወር ውስጥ መቶ በመቶ ወለድ ከፍሏል ማለት ነው። ወለድ የሚል ቃል ግን በመካከላቸው አልተነሳም።

ነገሩ የሕግ ሰውን የሚያስጨንቀው እዚህ ላይ ነው። የ1952ቱ የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 2479 ተበዳሪና አበዳሪ በጽሑፍ ሊስማሙበት የሚችሉትን ወለድ በዓመት ከ12 በመቶ እንዳይበልጥ ይገድባል። የ1996ቱ የወንጀል ሕግ በአንቀጽ 712 አራጣን ወንጀል ያደርገዋል። የአሪቻው ውል ግን መልኩ ብድር ሳይሆን ሽያጭ ነው፤ ገና ያልደረሰ ሰብል መሸጥም በራሱ ክልክል አይደለም። በእርግጥ ያው የፍትሐ ብሔር ሕግ በአንቀጽ 1710 የአንዱን ወገን ችግር ወይም የልምድ ማነስ መጠቀሚያ በማድረግ የተገኘና ሕሊና የሚቃወመው ውል ሊፈርስ እንደሚችል ይናገራል። ግን ይርጋጨፌ ሄዶ በነጋዴው ላይ ክስ የሚመሠርት ገበሬ በሚቀጥለው ክረምት ከማን ሊበደር ነው?

ለነጋዴውም ቢሆን ፍርድ ስንሰጥ እንጠንቀቅ። ዋጋ ሲወድቅ ኪሳራው የእሱ ነው። በጥቅምት 1994 የኒውዮርክ የቡና ዋጋ በፓውንድ ከ50 የአሜሪካ ሳንቲም በታች ወርዶ ነበር፤ በዚያ ዓመት በአበባው የሸጠ እንጂ የገዛ አልተጠቀመም። በየካቲት 2017 ደግሞ ያው ዋጋ ከ4 ዶላር በላይ ወጣ። በአበባው የሸጠ ሰው ከዚህ ዓይነቱ ጭማሪ ድርሻ የለውም። አገራችን በ1999 ዓ.ም. ይርጋጨፌ የሚለውን ስም በንግድ ምልክትነት ለማስከበር ከስታርባክስ ጋር ተሟግታ በስምምነት ጨርሳለች፤ ጥሩ ሥራ ነበር። የስሙ ዋጋ ግን እሸቱ ሳይለቀም ከሰፈር ሊወጣ ይችላል።

መንግሥት የዘረጋቸው የብድር መስመሮችስ? ትልቁ በክልሎች ዋስትና ይሰጥ የነበረው የማዳበሪያ ብድር ነበር። የታሰበው ለጤፍ፣ ለስንዴና ለበቆሎ አምራች ነው። የጌዴኦ ገበሬ ቡናውን ከእንሰትና ከዛፍ ጥላ ሥር በራሱ ብስባሽ የሚያበቅል በመሆኑ ይህ ብድር ብዙም አልነካውም። (በመስከረም 2016 ዩኔስኮ የዓለም ቅርስ ብሎ የመዘገበው ይህንኑ የአስተራረስ ጥበብ የያዘውን የጌዴኦ ባህላዊ መልክዓ ምድር ነው።)

ቀጥሎ የመጣው የማይክሮ ፋይናንስ ነው። አዋጅ ቁጥር 40/1988 ከወጣ በኋላ ዛሬ ባንክ የሆነው ኦሞ ማይክሮ ፋይናንስ በ1989 ዓ.ም. በደቡብ ተቋቋመ። ዘዴው ከባንግላዴሽ ግራሚን የተቀዳው የቡድን ዋስትና ሲሆን፣ ጎረቤት ለጎረቤቱ ይዋሳል፤ አንዱ ካልከፈለ ሌሎቹ ይጠየቃሉ። ያለ መያዣ ለማበደር ጥሩ መላ ነው፤ ለብዙ ሴቶችም የመጀመሪያውን ብድር አስገኝቷል። ቡና ላይ ሲመጣ ግን አንድ ጉድለት አለበት። ቡድኑ በሙሉ ቡና አምራች ነው። ምርት ሲበላሽ የሚበላሸው የሁሉም ነው፤ ዋሱም ተበዳሪውም እኩል ባዶ እጃቸውን ናቸው። ደግሞም የገበሬው ገንዘብ የሚገባው በዓመት አንዴ፣ በለቀማ ወራት ነው። ወጪው ግን ሰኔን፣ ሐምሌንና የመስከረሙን የደብተር ግዢ አይጠብቅም። ነጋዴው ይህን የቀን መቁጠሪያ ያውቀዋል፤ የብድር ኮሚቴ ግን በስብሰባው ቀን ነው የሚሠራው።

ሦስተኛው መስመር የኅብረት ሥራ ማኅበር ነው። የይርጋጨፌ ቡና ገበሬዎች የኅብረት ሥራ ዩኒየን የተመሠረተው ያ የዋጋ ውድቀት በደረሰበት በ1994 ዓ.ም. ነው። ማኅበር ለአባሉ ከሽያጭ በኋላ የትርፍ ክፍፍል ይሰጣል፤ ይህን ነጋዴ አያደርገውም። ነገር ግን ክፍፍሉ የሚመጣው ቡናው ባሕር ከተሻገረ በኋላ ነው። ማኅበሩ ራሱ እሸት ለመግዛት ከባንክ መበደር አለበት፤ የባንኩ ገንዘብ ከለቀማው ሁለት ሳምንት ከዘገየ ቀዩ እሸት ጥሬ ገንዘብ ይዞ መንገድ ዳር ወደቆመው ሰው ይሄዳል። ቀይ እሸት በለቀማው ዕለት ካልተፈለፈለ ይበላሻልና ገበሬው ሊጠብቅ አይችልም።

ኬንያ በ2012 ዓ.ም. በ3 ቢሊዮን ሽልንግ ያቋቋመችው የቡና ቅድሚያ ክፍያ ተዘዋዋሪ ፈንድ ያተኮረው እዚህ ክፍተት ላይ ነው። ገበሬው ለማኅበሩ ባስረከበው እሸት ልክ በ3 በመቶ ወለድ ቅድሚያ ገንዘብ ይወስዳል፤ ቡናው ሲሸጥ ይቀነስበታል። መያዣው ቡናው ነው። የፌርትሬድ ደንብም ሻጭ ማኅበር ከጠየቀ ገዢው እስከ ውሉ 60 በመቶ ድረስ ቅድሚያ እንዲያቀርብ ያዛል። በእኛም አገር ቢሆን በሕግ በኩል የቀረ ነገር ብዙ አይደለም። አዋጅ ቁጥር 1147/2011 ሰብልና ከብት፣ እንዲሁም የመጋዘን ደረሰኝ ለብድር መያዣ እንዲሆኑ ፈቅዷል። ለአሪቻ ገበሬ የሚስማማው ይህ መንገድ ይመስለኛል፤ በተለይ ማኅበሩ አባላቱን ወክሎ ቢዋዋል።

የብዙዎቻችን ዓይን ያረፈው ግን በሌላው ሕግ ላይ ነው። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 መሬት አይሸጥም አይለወጥም ስለሚል ባንኮች ለገበሬ «መያዣ የለህም» ሲሉ ኖረዋል። የ1997ቱ የገጠር መሬት አዋጅ ቁጥር 456 መሬት የተከራየ ባለሀብት የመጠቀም መብቱን እንዲያስይዝ ሲፈቅድ፣ ለባለይዞታው ገበሬ ግን ይህን አልሰጠውም ነበር። ይህ አድልዎ ለዓመታት ሲከነክነኝ ቆይቷል። በ2016 የወጣው አዋጅ ቁጥር 1324 ያንን አስተካክሎ ለገበሬውም ፈቅዷል። የሚያዘው መሬቱ ሳይሆን የመጠቀም መብቱ ነው። ዕዳው ካልተከፈለ አበዳሪው መሬቱን ለጊዜው ይጠቀምበታል እንጂ አይሸጠውም። አባቶቻችን ወለድ አግድ የሚሉት የቆየ ውል ስሙን ቀይሮ በአዋጅ የተመለሰ ይመስላል።

ለሰፊ የእህል ማሳ ይህ ጠቃሚ ሊሆን ይችላል። በጌዴኦ ግን የአብዛኛው ቤተሰብ ይዞታ ከአንድ ሔክታር በታች ነው፤ ቡናውና እንሰቱም በአንድ ማሳ ተደባልቀው ነው የሚበቅሉት። አዋጁን ለአረጋዊው ባስረዳኋቸው ጊዜ ትንሽ ዝም አሉና «ቡናው ቢያዝ የዘንድሮው ነው የሚሄደው፤ ለከርሞ ያፈራል። መሬቱ ቢያዝ እንሰቱም አብሮ ሄደ። ልጆቹን ምን ላብላቸው?» አሉኝ።

መልስ አልነበረኝም። በኋላ ሳስበው የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ የባለዕዳውን የሥራ መሣሪያና ለቤተሰቡ ለተወሰነ ጊዜ የሚበቃ ቀለብ ከመያዝ ነፃ እንደሚያደርግ ትዝ አለኝ። ለእህል አምራች ቀለብ ማለት ጎተራ ውስጥ ያለው ነው። የጌዴኦ ጎተራ ግን መሬት ላይ የቆመ እንሰት ነው፤ ሲያስፈልግ ተቆርጦ ይፋቃል፣ እስከዚያው ያድጋል። ጌዴኦን የያዘው የደቡብ ኢትዮጵያ ክልል አዋጁን ሲያስፈጽም በቆመ እንሰት ላይ ያለውን መብት ከመያዣ ውጪ ለማድረግ አንዲት አንቀጽ ትበቃዋለች። በዚያው ማሳ ያለውን ቡና ማስያዝ የፈለገ ገበሬ በ2011ዱ አዋጅ መሠረት ሰብሉን ለብቻ ያስመዘግባል።