ስለ መበለት ውርስ

ወጣት አንባቢ ሆይ፤ ባል የሞተባትን ሴት የባሏ ወንድም ያግባት የሚለው ልማድ ከምን እንደ መጣ ጠይቀህ ታውቃለህን? እኔ በልጅነቴ የንብረት ስስት ብቻ የወለደው ይመስለኝ ነበር። ኋላ ግን ኦሪት ዘዳግም ምዕራፍ 25ን ሳነብ ሌላ ምክንያት አገኘሁ። በጥንት እስራኤል አብረው ከሚኖሩ ወንድማማቾች አንዱ ልጅ ሳይወልድ ቢሞት ሌላው መበለቲቱን ያገባል፤ የበኵር ልጃቸውም የሟቹ ስም እንዳይጠፋ በእርሱ ስም ይጠራል። አላገባም ቢል በሽማግሌዎች ፊት ጫማውን ታወልቅበታለች፤ በፊቱም ትተፋበታለች። ወንዱ በውርደትም ቢሆን እምቢ የሚልበት በር ነበረው፤ የእርሷን ፈቃድ ግን ሕጉ አያነሣም።

በአገራችንም በአንዳንድ ስፍራ፣ ልጆቹ እንዳይበተኑ መሬቱም ከዘመድ እጅ እንዳይወጣ፣ መበለቲቱን የሟቹ ወንድም የሚወርስበት ልማድ ኖሯል። አሳቡ ደግ ነው፤ ዳሩ ግን የሚወረስ በሬና መሬት እንጂ ሰው አይደለም። የ1987 ዓ.ም. ሕገ መንግሥት ጋብቻ በተጋቢዎች ነጻና ሙሉ ፈቃድ ብቻ እንዲመሠረት ደነገገ፤ የ1992 ዓ.ም. የፌዴራል የቤተሰብ ሕግም ሴት የባሏን ወንድም እንዳታገባ ከለከለ።

እንግዲህ ወንድምህ ቢሞት ልጆቹን አሳድግ፤ መሬቷንም እረስላት። ለዚህ ደግ ሥራ ባሏ መሆን አያስፈልግህም።