የመካነ ሥላሴው አባ ጎርጎርዮስና የኢትዮጵያ ካርታ

የወሰን ክርክር በተነሣ ቁጥር አንድ የድሮ የአውሮፓ ካርታ ይለጠፋል። «ይኸው ማስረጃ!» ይባላል። ለካርታ ሠሪው አገሩን ማን ነገረው? ብሎ የሚጠይቅ ግን ብዙም የለም። ስለዚህ ጥያቄ ሲነሣ መታወቅ ያለበት አንድ የደቡብ ወሎ ሰው አለ፤ አባ ጎርጎርዮስ።

መጀመሪያ ከእሱ በፊት የነበረውን ካርታ እንይ። በ1573 (ዓመታቱ ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) ኦርቴሊየስ የተባለው ዝነኛ ካርታ ሠሪ «የፕሬስተር ጆን» ያለውን የሐበሻ ግዛት አንትወርፕ ላይ አሳተመ። ፕሬስተር ጆን አውሮፓውያን በዓይናቸው ሳያዩት ለ400 ዓመት ያህል ሲፈልጉት የኖሩት ቄስና ንጉሥ ነው። በካርታው ላይ አገሩ ከምድር ወገብ አልፎ ወደ ደቡብ ይንጣለላል፤ ዓባይም የሚመነጨው እዚያው ደቡብ ካለ ሐይቅ ነው። «የአማራ ተራራ» የሚባልም አለ፤ የንጉሡ ልጆች በዘብ የሚጠበቁበት። ይኸኛው እንኳ መነሻው እውነት ነው፤ ነገሩ የአምባ ግሸን ታሪክ ነው። ተራራው ግን በወሬ ወሬ እያደገ ሄዶ፣ በ1667 እንግሊዛዊው ባለቅኔ ሚልተን በግጥሙ ውስጥ ገነት ናት ከተባለላቸው ቦታዎች ተርታ አስገባው።

አባ ጎርጎርዮስ የተወለደው በ1595 ገደማ በመካነ ሥላሴ ነው። በቦረና ካለችው መካነ ሰላም ከተማ ጋር እንዳይምታታ። መካነ ሥላሴ በቀድሞው የአማራ አውራጃ፣ ዛሬ ደቡብ ወሎ በሚባለው ደጋ ላይ የነበረ የነገሥታት ደብር ነው። ንጉሥ ናዖድ ጀምሮት ልብነ ድንግል ፈጸመው፤ ፖርቱጋላዊው ቄስ አልቫሬዝ በ1520ዎቹ አይቶታል፤ በ1531 የኢማም አሕመድ ጦር አቃጠለው። ጎርጎርዮስ ሲወለድ ቃጠሎው 60 ዓመት አልፎት ነበር። ወረኢሉ የምኒልክ ከተማ እስክትሆን ደግሞ ገና ከ200 ዓመት በላይ ይቀራል።

በአፄ ሱስንዮስ ዘመን ከኢየሱሳውያን ጋር ወግኖ ካቶሊክ ሆነ። በ1632 ፋሲለደስ ነግሦ የተዋሕዶን ሃይማኖት ሲመልስና ኢየሱሳውያኑን ሲያባርር፣ ለእነሱ ላደረ ሰው አገር ጠበበ። ተሰደደ፤ በመጨረሻም ሮም ደረሰ። ማረፊያው ከቅዱስ ጴጥሮስ ባሲሊካ ጀርባ ያለው የኢትዮጵያውያን መነኮሳት ቤት፣ ቅዱስ እስጢፋኖስ ነበር።

በ1649 ሂዮብ ሉዶልፍ የሚባል የ25 ዓመት ጀርመናዊ እዚያ ሊያገኘው መጣ። ግእዝን የተማረው ከመጽሐፍ ብቻ ስለነበር ቋንቋው ሲነገር ሰምቶ አያውቅም። መግባባት ቀላል አልነበረም፤ ቢሆንም ተግባቡ። ሉዶልፍ አማርኛን ያጠናው ከጎርጎርዮስ ነው። በ1652 ደግሞ የሳክስ ጎታው መስፍን ኤርንስት ጎርጎርዮስን ጀርመን ድረስ አስጠራው። ያን በጋ በፍሪደንሽታይን ቤተ መንግሥት ተቀምጦ ስለ አገሩ ሃይማኖት፣ ሥርዓት፣ ወንዞችና አውራጃዎች ሲጠየቅ፣ ሲመልስም ከረመ። ከተለያዩ በኋላም በደብዳቤ ይጠያየቁ ነበር።

የዓባይን ነገር እንውሰድ። በጎርጎርዮስ አነጋገር ዓባይ ከጎጃም ይነሣል፣ ጣና ገብቶ ይወጣል፣ ጎጃምን ዞሮ ወደ ስናር ይወርዳል። ለቦረና ወይም ለወለቃ ሰው ይህ ምርምር አይደለም፤ ወንዙ በደጃፉ ታጥፎ ሲሄድ የሚያየው ነገር ነው። ለአውሮፓ ግን ከቶለሚ ጀምሮ ሲወርድ የመጣን ካርታ የሚያፈርስ ቃል ነበር።

ጎርጎርዮስን ብቻውን ባለሙያ ማድረግ አይገባም። ፔድሮ ፓኤዝ በ1618 የግሽ ዓባይን ምንጭ በዓይኑ አይቷል፤ የአልሜዳ ካርታም በ1660 በቴሌዝ መጽሐፍ ታትሟል። ሉዶልፍ በ1681 ታሪኩን፣ በ1683 ካርታውን ሲያወጣ ከእነሱም ወስዷል። የእሱ ጥቅም ሁለት ምስክር ስለነበረው ነው፤ የኢየሱሳውያኑን ወረቀትና አገሩን በአፍ መፍቻ ስሙ የሚጠራ ሰው። ስሞቹ እንዴት እንደሚጠሩና ምን ማለት እንደሆኑ የሚጠየቅ ባለአገር ነበረው። በካርታውም አገሪቱ ከምድር ወገብ በስተሰሜን ወዳለው ቦታዋ ተመለሰች። ራሱ ሉዶልፍ አፍሪካን ረግጦ አያውቅም።

እንግዲህ ያን ካርታ ለዛሬ ክርክር የሚለጥፍ ሰው የሚለጥፈው ምን እንደሆነ ይወቅ። ቀያሽ በገመድ የለካው ወሰን አይደለም። ግማሹ በ1620ዎቹና በ1630ዎቹ የነበሩ ሚስዮናውያን የጻፉት ነው፤ ግማሹ አገሩን ዳግመኛ ያላየ ስደተኛ በቃሉ የያዘው። ሲታተም የስደተኛው ትዝታ 50 ዓመት አልፎት ነበር፤ በእነዚያ 50 ዓመታት ደግሞ የዚያ ደጋ ሕዝብም ስምም ብዙ ተለዋውጧል። የወንዞቹን አካሄድ ለመመስከር ካርታው ጥሩ ነው። የማን መሬት የት ያልቃል ለሚለው ግን ደካማ ምስክር ነው።

ጎርጎርዮስ ወደ አገሩ ለመመለስ ሞክሮ ነበር። በ1658 የተሳፈረባት መርከብ በእስክንድሩና አካባቢ ተሰብራ ባሕር ውስጥ ቀረ። ሉዶልፍ በ1691 ባሳተመው ማብራሪያ የጎርጎርዮስን ምስል አስገባ፤ በ1698 ደግሞ የአማርኛ ሰዋስውና መዝገበ ቃላት አወጣ። ካርታው የታተመው ጎርጎርዮስ በሞተ በ25 ዓመቱ ነው። በአርእስቱ ላይ፣ ገዢ ይፈልግ ይሆናል፣ «የፕሬስተር ጆን አገር» የሚለው ስም አሁንም ነበረበት።